የቤትና የመሬት ሽያጭ ሲፈርስ፦ ፖሊስ ጣቢያ ነው ወይስ ፍርድ ቤት?

ገንዘብ ከፍላችሁ ቦታው ሳይተላለፍላችሁ ሲቀር መጀመሪያ ከአፍ የሚወጣው ቃል «ተበላሁ» ነው። ከዚያ እግር በቀጥታ ወደ ፖሊስ ጣቢያ ያመራል። ቃል ተቀባዩ ውሉን አገላብጦ ያያል፣ ጥቂት ይጠይቃል፣ ብዙ ጊዜም «ይሄ የፍትሐ ብሔር ነው፣ ፍርድ ቤት ሂዱ» ብሎ ይመልሳል። ሰው እዚህ ጋ ተስፋ ይቆርጣል። አንዳንዴ ፖሊሱ ልክ ነው። አንዳንዴ ደግሞ ወንጀሉ እያለ አቤቱታው በደንብ ስላልቀረበ ብቻ ይመለሳል። ጅማ ላይ፣ ከተማው ወደ ዳር ዳሩ እየሰፋ፣ በወረቀትና በደላላ ቃል ብቻ ገንዘብ እጅ በእጅ በሚለዋወጥበት ጊዜ፣ በዚህ መሃል ወራትን የሚያባክኑ ሰዎች በጣም ያሳዝኑኛል። ስለዚህ የማውቀውን ልንገራችሁ።

መለያው አንድ ጥያቄ ነው

ሻጩ ገንዘቡን በተቀበለበት ዕለት ምን አስቦ ነበር?

ሊፈጽም አስቦ ውል ገብቶ በኋላ ካቃተው፣ ከጸጸተው ወይም ዋጋ ሲጨምር ሐሳቡን ከለወጠ ጉዳዩ ፍትሐ ብሔር ነው። ገና ሲጀመር የሚያስተላልፈው ነገር እንደሌለው እያወቀ በውሸት አሳምኖ ከተቀበለ ግን ወንጀል ነው። ከዚህ በታች የምለው ሁሉ የዚህ ጥያቄ ዝርዝር ነው።

የ1996ቱ የወንጀል ሕግ አንቀጽ 692 ይህን አታላይነት ይለዋል። በቀላል አማርኛ እንዲህ ነው፦ አንድ ሰው የማይገባውን ጥቅም ለማግኘት ብሎ አሳሳች ነገር ከተናገረ፣ ስለ ማንነቱ ወይም ስላለበት ሁኔታ ከዋሸ፣ መናገር የነበረበትን ከደበቀ ወይም የእናንተን የተሳሳተ እምነት ከተጠቀመ፣ በዚህም ምክንያት ንብረታችሁን የሚጎዳ ነገር እንድታደርጉ ካደረገ፣ ይጠየቃል። ቅጣቱ ቀላል እስራት ወይም እንደ ነገሩ ክብደት እስከ 5 ዓመት የሚደርስ ጽኑ እስራት ነው፣ መቀጮም አለው። ልብ በሉ፣ ውሸቱ ከክፍያው በፊት ወይም በክፍያው ሰዓት መሆን አለበት። ከከፈላችሁ በኋላ «ነገ እሰጣለሁ፣ ከነገ ወዲያ እሰጣለሁ» እያለ የዋሸው ውሸት ያበሳጫል፣ ብቻውን ግን ወንጀል አያደርገውም። ምክንያቱም ገንዘባችሁን የሰጣችሁት በዚያ ውሸት ተታላችሁ አይደለም።

ደግሞ ማታለል ሁሉ ወንጀል ነው ማለትም አይደለም። የፍትሐ ብሔር ሕጉም በቁጥር 1704 ስለ ተንኮል ይናገራል፤ በተንኮል የተደረገ ውል እንዲፈርስ መጠየቅ ይቻላል። «ቦታው ወርቅ ነው፣ ነገ አስፋልት ይገባል» ብሎ ማጋነን አንድ ነገር ነው። የሌላ ሰው ካርታ ይዞ «የእኔ ነው» ማለት ሌላ ነገር ነው።

ውል አለመፈጸም ብቻውን አያሳስርም። ኢትዮጵያ በ1985 የተቀበለችው የሲቪልና የፖለቲካ መብቶች ዓለም አቀፍ ቃል ኪዳን በአንቀጽ 11 ላይ ማንም ሰው የውል ግዴታውን መፈጸም ስላልቻለ ብቻ አይታሰርም ይላል። ሕገ መንግሥቱ ደግሞ በአንቀጽ 9 ሀገሪቱ ያጸደቀቻቸው ስምምነቶች የሕጓ አካል ናቸው ይላል። ፖሊሱ «ፍርድ ቤት ሂዱ» ሲል ሁልጊዜ ስንፍና አይደለም።

ፍትሐ ብሔር የሚሆኑት

ሻጩ ቤቱ የራሱ ነው፣ ካርታው ትክክለኛ ነው፣ ቀብድ ተቀብሏል፣ ከዚያ የተሻለ ዋጋ የሚሰጥ ሰው መጣና «አልሸጥም» አለ። ያናድዳል፣ ወንጀል ግን አይደለም። ሕጉ መልስ አለው፦ በቁጥር 1885 መሠረት ሌላ ስምምነት ከሌለ ቀብድ የሰጠ ሰው ቀብዱን ትቶ ከውሉ መውጣት ይችላል፣ ቀብድ የተቀበለ ደግሞ እጥፉን መልሶ መውጣት ይችላል። 200 ሺህ ብር ቀብድ ሰጥታችሁ ከሆነ 400 ሺህ ትጠይቃላችሁ ማለት ነው። ግን ወረቀታችሁ ላይ «ቀብድ» ነው የሚለው ወይስ «ቅድሚያ ክፍያ»? የቅድሚያ ክፍያ ከዋጋው ላይ የሚታሰብ ገንዘብ ነው፣ የእጥፍ ነገር በራሱ አይከተለውም። ውል ስትጽፉ ይህችን ቃል በግዴለሽነት አትለፏት።

ገዢው ቀሪውን ካልከፈለም ፍትሐ ብሔር ነው። ስም ማዛወሩ በመሬት አስተዳደር ቢሮ ከዘገየ፣ ውዝፍ ግብር ከወጣበት፣ ስፋቱ ካርታው ላይ ካለው በጥቂት ካሬ ካነሰም እንደዚያው። ባል ሚስቱን ሳያማክር የጋራ ቤታቸውን ሽጦ ሚስት «አልተስማማሁም» ብላ ስትመጣ በአብዛኛው ውሉ ይፍረስ ወይስ ይጽና የሚል ክርክር ነው። ባል «ያላገባሁ ነኝ» የሚል የውሸት ማስረጃ አቅርቦ ከሆነ ግን ነገሩ ይለወጣል።

የወራሾች ነገርም እንዲሁ ነው። አባት ሞቶ ውርሱ ሳይጣራ ታላቅ ወንድም ቤቱን ይሸጣል፣ እህቶቹ ይቃወማሉ። ወንድምየው ሌሎች ወራሾች እንዳሉ ነግሯችሁ «እኔ አስማማቸዋለሁ» ብሎ ከሆነ አደጋውን አውቃችሁ ገብታችኋል። «ብቸኛ ልጅ ነኝ» ብሎ ከሆነ ግን ዋሽቷል፣ እናንተም በዚያ ውሸት ከፍላችኋል። ቤቱም ሻጩም ያው ናቸው። መንገዱን የለየው የተናገረው ነገር ነው።

ወንጀል የሚሆኑት

የሌላ ሰው ይዞታ መሸጥ። የተሠራ ካርታ ወይም ሐሰተኛ ደረሰኝ ማቅረብ (ይህ አታላይነት ብቻ አይደለም፣ ሐሰተኛ ሰነድ መፍጠርና መጠቀም ራሱን የቻለ ወንጀል ነው)። የተሻረ ውክልና እንዳልተሻረ አድርጎ መጠቀም፣ ወይም ወካዩ መሞቱን እያወቁ በእሱ ስም መሸጥ። ባንክ በመያዣ የያዘውን ወይም ፍርድ ቤት ያገደውን ቤት «ከዕዳና ከዕገዳ ነፃ ነው» ብሎ ፈርሞ ገንዘብ መቀበል። ቀብዱን «ለሻጩ አደርሳለሁ» ብሎ ተቀብሎ ለራሱ ያደረገ ደላላም አለ፤ እሱ በአንቀጽ 675 እምነት በማጉደል ሊጠየቅ ይችላል።

ድርብ ሽያጭ ላይ ትንሽ ልቆይ፣ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ላይ ነውና። ሻጩ በጥቅምት ለእናንተ ሸጠ እንበል፣ በታኅሣሥ ደግሞ ያንኑ ቤት ለሌላ ሰው ሸጠ። ሁለታችሁም ፖሊስ ጋ ትሄዳላችሁ። ሁለተኛው ገዢ ጠንካራ የወንጀል ጉዳይ አለው፤ ሻጩ አስቀድሞ መሸጡን እያወቀ ደብቆበታልና። እናንተ ግን? በጥቅምት ሲሸጥላችሁ ቤቱ የራሱ ነበር፣ ምናልባትም ከልቡ ሊያስተላልፍ አስቦ ነበር። ስለዚህ የእናንተ ጉዳይ ውል ማፍረስ ሊሆን ይችላል፣ የሁለተኛው ደግሞ ወንጀል። ከጥቅምት በፊትም ለሌላ ሰው ሸጦ እንደነበር ከተገኘ ነገሩ ተገለበጠ ማለት ነው፣ እናንተም ተታላችኋል። ስለዚህ ሌሎች ገዢዎች መኖራቸውን ከሰማችሁ አትጣሏቸው። ቀኖቻችሁን አነጻጽሩ። አንዱ የሌላው ዋና ምስክር ነው።

ሁላችንም ማወቅ ያለብን ነገር፦ መሬት አይሸጥም

ሕገ መንግሥቱ በአንቀጽ 40 መሬት የመንግሥትና የሕዝብ ነው፣ አይሸጥም አይለወጥም ይላል። የሚሸጠው በላዩ ላይ የተሠራው ቤት ወይም የተደረገው ቋሚ ማሻሻያ ነው፤ በከተማ በሊዝ የተያዘ ቦታ ከሆነም በሊዝ ሕጉ በተፈቀደው መንገድ ብቻ የሊዝ መብቱ ይተላለፋል። የገበሬ መሬት ይከራያል፣ ይወረሳል፣ ሕጉ ለፈቀደላቸው የቤተሰብ አባላት በስጦታ ይሰጣል። አይሸጥም።

ይህ እያለ ማና፣ ጎማ፣ ሊሙ፣ ቀርሳ አካባቢ የቡና መሬት «የሚገዛ» ሰው አለ። ውሉ ላይ ሽያጭ አይባልም። «ብድር ተበደርኩ» ይባላል፣ ወይም የረጅም ዘመን ኪራይ፣ ወይም «የቡና ተክሉን ሸጥኩ» ይባላል። ታች ላይ «ይህ ውል በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 1731 እና 2005 የጸና ነው» ተብሎ ይዘጋል። ይህ መዝጊያ ሕገ ወጥ ውልን አያጸናም። በቁጥር 1716 መሠረት ጉዳዩ ሕገ ወጥ የሆነ ውል ዋጋ የለውም፣ ፍርድ ቤቱም ብዙውን ጊዜ በቁጥር 1815 ተዋዋዮቹን ወደ ነበሩበት ይመልሳል፦ መሬቱ ለባለ ይዞታው፣ ገንዘቡ ለከፈለው። ከዓመታት በፊት የከፈላችሁት ብር ዛሬ ምን እንደሚገዛ እናንተው ታውቃላችሁ። ጉዳቱ ያለው እዚያ ላይ ነው።

እንዲህ ያለ ውል ሲፈርስ ወንጀል ነው ማለት ይከብዳል። መሬት እንደማይሸጥ ሁለታችሁም ታውቃላችሁ ይባላል፣ በዚያ ነጥብ ተታለልኩ ማለት አያስኬድም። በሌላ በኩል ግን «ውሉ ሕገ ወጥ ስለሆነ ወንጀልም የለም» የሚላችሁን አትቀበሉ። ሰውየው የጎረቤቱን ማሳ የራሱ አስመስሎ አሳይቶ ከእናንተ ገንዘብ ከተቀበለ፣ የውሉ ዋጋ ማጣት ማታለሉን አያጠፋውም።

የብድር ወረቀት ይዛችሁ ፖሊስ ጋ ሄዳችሁ «መሬት ገዝቼ ከለከለኝ» ካላችሁ ወረቀታችሁና አፋችሁ ተለያየ ማለት ነው። የተጻፈን ነገር በምስክር ቃል ማስተባበል ከባድ ነው። መንገድ ከመምረጣችሁ በፊት ለጠበቃው እውነቱን እንዳለ ንገሩት።

ከየት እንጀምር

መጀመሪያ ቁጭ ብላችሁ ቀን በቀን ጻፉ። መቼ ተገናኛችሁ፣ ማን አገናኛችሁ፣ ምን አሳያችሁ፣ ምን አለ፣ ስንት ከፈላችሁ፣ በምን ከፈላችሁ፣ መቼ ጥርጣሬ ገባችሁ። ትዝታ ሳይደበዝዝ ጻፉት። ከዚያ ወረቀቱን ሰብስቡ፦ ውሉን፣ የባንክ ደረሰኙን፣ የቴሌብር መልእክቱን፣ የካርታ ኮፒውን፣ የስልክ ጽሑፎችን። በጥሬ ገንዘብ ከፍላችሁ ከሆነ በቦታው የነበሩትን ሰዎች ስም ያዙ። ስልክ አትቀይሩ፣ መልእክት አታጥፉ።

ቀጥሎ የከተማው መሬት አስተዳደር ሄዳችሁ የቦታው ፋይል በማን ስም እንዳለ አጣሩ፤ ገጠር ከሆነ የወረዳው መሬት ጽሕፈት ቤት። ካርታው ላይ ያለው ስም ከሻጩ ስም ይለያል? ዕገዳ አለበት? ከመቼ ጀምሮ? ይህ መልስ ብዙ ጊዜ ጉዳዩን ለሁለት ይከፍለዋል። ዕገዳው ከውላችሁ በፊት ከሆነ ደብቆባችኋል። ከውላችሁ በኋላ የመጣ ከሆነ ምናልባት እሱም አላወቀም ነበር። ቢሮው መረጃ አልሰጥም ካለ አትጣሉ፣ ፖሊስ ወይም ፍርድ ቤት በደብዳቤ ማስቀረብ ይችላል።

ሦስተኛ፣ የጽሑፍ ማስጠንቀቂያ ስጡት። በቁጥር 1772 መሠረት ውል አልተፈጸመልኝም የሚል ሰው በመሠረቱ መጀመሪያ ማስጠንቀቅ አለበት። «ውሉን በዚህን ያህል ቀን ውስጥ ፈጽምልኝ፣ አለዚያ እከስሃለሁ» የምትል አንዲት ገጽ ትበቃለች። ኮፒ አስቀሩ፣ መቀበሉን አስፈርሙ ወይም በምስክር ፊት ስጡት። የሚሰጠው መልስ ደግሞ ራሱ ማስረጃ ነው። «ብሩን አጥፍቼዋለሁ፣ ጊዜ ስጠኝ» ያለና «አላውቅህም» ያለ አንድ አይደሉም። የሚሸሽ ወይም ንብረት የሚያሸሽ ሰው ከሆነ ግን ማስጠንቀቂያው እንዳያነቃው፣ አስቀድማችሁ ከጠበቃ ጋ ተማከሩ።

አቤቱታ አጻጻፍ

ብዙ የወንጀል አቤቱታ የሚወድቀው እዚህ ነው። ሰው እንዲህ ብሎ ይጽፋል፦ «ከአቶ እገሌ ቤት ገዝቼ ብር ከፍዬ ቤቱንም ብሩንም ስለከለከለኝ በሕግ ይጠየቅልኝ።» ይህን ያነበበ ዓቃቤ ሕግ የሚያየው ያልተፈጸመ ውል ነው። ወንጀል የሚባለው ነገር ውስጡ አልተጻፈም።

እንዲህ ቢጻፍስ? «በጥቅምት 5 ተከሳሹ ቤቱ የራሱ እንደሆነ ነግሮኝ፣ በስሙ የወጣ ካርታ ነው ብሎ አሳይቶኝ፣ ይህንን አምኜ 300 ሺህ ብር በባንክ አስገባሁለት። በኅዳር 20 ግን መሬት አስተዳደር ሳጣራ ቤቱ በሌላ ሰው ስም እንደሆነና ያሳየኝ ካርታ ከፋይሉ ጋር እንደማይመሳሰል አወቅሁ። የካርታው ኮፒና የባንክ ደረሰኙ ተያይዟል።» እዚህ ውስጥ ውሸቱ አለ፣ ማመናችሁ አለ፣ ክፍያው አለ፣ ማወቁን የሚያሳይ ማስረጃም አለ። ስሜታችሁን ሳይሆን እነዚህን አራቱን ጻፉ። የሌለ ነገር ግን አትጨምሩ። ሰውን አውቆ በሐሰት መወንጀል ራሱ ወንጀል ነው፣ ከዚያም በላይ የሰው ሕይወት ነው።

ፖሊስን እንደ ዕዳ ሰብሳቢ መጠቀም የሚፈልጉም አሉ። «አንድ ሌሊት ይደርበት፣ ብሩን ያመጣል» ይላሉ። ይህን አልደግፍም። ልጆች ያሉት ሰው በውል ጉዳይ ጣቢያ ማደር የለበትም፤ ደግሞም አይሠራም። በ48 ሰዓት ፍርድ ቤት ይቀርባል፣ ዋስ ጠርቶ ይወጣል፣ ከዚያ ወዲያ እልህ ይገባል፣ ሽማግሌ የሚፈታው ነገር ዓመት ይፈጃል።

የወንጀል ክስ ተከፍቶ ጉዳታችሁ እዚያው እንዲታይ መጠየቅ ይቻላል። ሁለቱንም መንገድ ጎን ለጎን መሄድም ይቻላል። ተከሳሹ በወንጀል ነፃ ቢወጣ እንኳ የፍትሐ ብሔሩ በር አይዘጋም፤ በወንጀል ችሎት የሚፈለገው ማስረጃ ከፍ ያለ ነው፣ በፍትሐ ብሔር ያንን ያህል አይፈለግም።

ፍትሐ ብሔር ከሆነ

የማይንቀሳቀስ ንብረት ክርክር የሚቀርበው ንብረቱ ባለበት ቦታ ነው። ጅማ ብትኖሩም ቤቱ አጋሮ ከሆነ ክሱ ወደዚያ ነው። የኦሮሚያ ፍርድ ቤቶች የሥራ ቋንቋ አፋን ኦሮሞ ስለሆነ የክስ ማመልከቻው በአፋን ኦሮሞ ይጻፋል፣ በአማርኛ የተጻፈ ውላችሁም ተተርጉሞ ይያያዛል። ቋንቋውን የማታውቁ ከሆነ አስተርጓሚ የማግኘት መብት አላችሁ። ትርጉሙን ለማንም አትስጡ፤ «ቀብድ» የሚለው «ክፍያ» ተብሎ ከተተረጎመ እጥፉ ሊቀርባችሁ ይችላል።

ክሱ ላይ የምትጠይቁትን ለዩ። ውሉ ይፈጸምልኝ? ወይስ ይፍረስና ገንዘቤ ከነወለዱና ከነኪሳራው ይመለስ? በተለይ ሻጩ ለሌላ ሊሸጥ ነው ብላችሁ ከፈራችሁ ክሱን ስትከፍቱ አብራችሁ ዕግድ ጠይቁ፣ የፍትሐ ብሔር ሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 154 ይፈቅዳል። ቤቱ ከተላለፈ በኋላ የሚገኝ ፍርድ አብዛኛውን ጊዜ ወረቀት ብቻ ሆኖ ይቀራል። ጊዜውንም አትርሱ፦ በተንኮል የተደረገ ውል ይፍረስልኝ የሚል ክስ የ2 ዓመት ይርጋ (የክስ ጊዜ ገደብ) አለው (ቁጥር 1810)፣ ውሉ ይፈጸምልኝ ወይም ስላልተፈጸመልኝ ይፍረስልኝ የሚለው በመሠረቱ 10 ዓመት (ቁጥር 1845)።

አንድ ከባድ ነጥብ አለ። የቤት ሽያጭ ውል በጽሑፍ ካልሆነ ዋጋ የለውም (ቁጥር 2877)፣ በቁጥር 1723 ደግሞ በፍርድ ቤት ወይም በውልና ማስረጃ ፊት መደረግ አለበት። ያልተመዘገበ ግን ያልተካደ ውል ምን ይሆናል በሚለው ላይ የሰበር ችሎት አቋም በተለያየ ጊዜ ተለዋውጧል። ስለዚህ የመንደር ውል ብቻ ከያዛችሁ «ይፈጸምልኝ» ብቻ ብላችሁ አትክሰሱ፤ «ይህ ካልሆነ ገንዘቤ ይመለስልኝ» የሚል አማራጭ አስገቡ።

ለጠበቃ አቅም ከሌላችሁ የጅማ ዩኒቨርሲቲ የሕግ ትምህርት ቤት ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣል። የዳኝነት ክፍያ መክፈል ለማይችልም በደሃ ደንብ መክሰስ አለ።

ሻጩ እናንተ ከሆናችሁ

ሊሆን ይችላል። ከልባችሁ ሸጣችሁ፣ ነገሩ አልተሳካም፣ አሁን «አጭበርባሪ» ተብላችኋል። አትሰወሩ፣ ስልክ አትዝጉ። ገንዘቡን ለመመለስ ወይም ውሉን ለመፈጸም ያደረጋችሁትን ሁሉ በጽሑፍ ያዙ፦ ስም ለማዛወር ያስገባችሁትን ማመልከቻ፣ የከፈላችሁትን ግብር፣ የላካችሁትን መልእክት። በዕለቱ ሐሳባችሁ ቅን እንደነበር የሚያሳየው ይህ ነው። ፖሊስ ከጠራችሁ ያለመናገር መብት አላችሁ፣ ጠበቃ የማማከርም።

በሽማግሌ ከተስማማችሁ

ጅማ ላይ ብዙው ነገር በጃርሱማ ያልቃል፣ ኦሮሚያ ውስጥ በሕግ የተቋቋሙ የባህል ፍርድ ቤቶችም አሉ። ጥሩ ነው፣ ይፈጥናል፣ ዝምድናም ያተርፋል። ስምምነቱን ግን ጻፉት። ስንት ብር፣ በስንት ጊዜ፣ በየትኛው ቀን፣ ቢቀር ምን ይሆናል። ሁለት ምስክር ይፈርምበት።

ሻጩ ገንዘቡን በቼክ እመልሳለሁ ካለ ቼኩን ኪስ ውስጥ አታቆዩት። የተጻፈበትን ቀን እዩ፣ በስድስት ወር ውስጥ ባንክ አቅርቡት። በቂ ስንቅ (ሒሳቡ ውስጥ በቂ ገንዘብ) የለውም ተብሎ ከተመለሰ ባንኩ የሚሰጣችሁን ወረቀት ያዙ። ስንቅ የሌለው ቼክ መስጠት በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 693 ራሱን የቻለ ወንጀል ነው። ያን ጊዜ ፖሊስ ጣቢያ ስትሄዱ የምታቀርቡት የመሬቱን ታሪክ ሳይሆን ቼኩንና የባንኩን ወረቀት ነው።